ኪኒን ብሎ የጠራ ሰው

የሆስፒታሉን ደረጃ ሁለት ሁለቱን እየዘለለ ሲወጣ ሽታው በሩ ላይ ጠብቆ ያዘው። ላብ ነው፣ ትውከት ነው፣ የረጠበ ጭድ ነው፤ በዚያ ላይ ደግሞ ሽታውን ያጠፋል ተብሎ የተደፋ ኮምጣጤ። ኮምጣጤው ምንም አላጠፋም፤ ጭራሽ ሁሉንም አንድ ላይ አቡክቶት አረፈ። ሰውየው አፉን በእጅጌው ሸፍኖ ገባ። ሌላው ሰው ሲሸተው አፍንጫው ነው የሚቸገረው፤ እሱ ግን የሸተተው ሁሉ ምላሱ ላይ ነው የሚያርፍበት።

መጠሪያውም ምላስ ነው። በጦሩ መድኃኒት ቤት ከዋና ቀማሚው እስከ በረኛው ድረስ ጋሽ ምላስ ይሉታል። ወሬኛ ስለሆነ አይደለም፤ እንዲያውም ከአፉ ቃል ለማውጣት ጉጠት ያስፈልጋል። እንጀራውን በምላሱ ስለሚበላ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ለጦሩ የሚገባውን ዱቄት፣ ሥራ ሥርና ቅባት ሁሉ መጀመሪያ የሚቀምሰው እሱ ነው። ደንቡ አጭር ነው፤ ይቀምሳል፣ ይተፋል፣ ስሙን ጮክ ብሎ ይጠራል። እሱ ከጠራው በኋላ ጸሐፊው ይጽፋል፣ ሰም ይቀልጣል፣ ማኅተም ያርፋል። ከዚያ ወዲያ ያ ነገር እሱ የጠራው ነው እንጂ ሌላ አይሆንም።

«እዚህ ነኝ፣ ወንድምዓለም! ቶሎ በል!»

ታናሽ እህቱ ናት፤ የሆስፒታሉ አጣቢ። ክንዶቿ እስከ ክርናቸው በአመድ ውኃ ተልጠዋል። አጠገቧ ጭድ ላይ የተጋደመው ባሏ ነው፤ የወንዝ ዳሩ ምሽግ ጥሩምባ ነፊ። ሰዉ ሁሉ ጥሩምባው ይለዋል። በአንድ ትንፋሽ ሦስት ጊዜ ነፍቶ ምሽጉን በሙሉ ከእንቅልፉ የሚያባንን ሰው፣ አሁን ሻማ እፍ ብሎ የሚያጠፋበት ትንፋሽ የለውም። ዓይኑ ቢጫ ሆኗል፤ ከንፈሩ ላይ ነጭ ነገር ደርቆበታል።

«ጋሼ፣» አለ ጥሩምባው በሲቃ ድምፅ፣ «ዛሬ ደግሞ እኔን ልትቀምስ መጣህ? ተወኝ፣ ተበላሽቻለሁ።»

«ዝም በል አንተ!» አለችው ሚስቱ፤ ወደ ወንድሟ ዞራ ደግሞ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ሦስት ቀን ሙሉ ኪኒን ዋጠ። ምን ዋጋ አለው! ከትናንት ወዲያ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ያ ወባ መጥቶ አንዘፈዘፈው። ቀን እየዘለለ ነው የሚመጣው፤ ዛሬም ዘጠኝ ሰዓት ላይ ይመጣበታል። የክፍሉ ሐኪም ምን አለኝ መሰለህ? ‹አንድ ከደገመው ልቡ አይችልም።› እኔ አንሶላ እየቀየርኩ፣ እሱ ጥፍሩን እየሞረደ!»

«እስቲ ወረቀቱን ስጪኝ።»

ዱቄቱ የተጠቀለለበትን ወረቀት ፈትቶ ጣቱን አስነካ፣ ጣቱን ምላሱ ላይ አሳረፈ። የእውነተኛውን ኪኒን ምሬት ያውቀዋል። ከባሕር ማዶ የሚመጣ የዛፍ ቅርፊት ልብ ነው፤ ጫፍ ላይ ይጀምራል፣ ወደ ኋላ እየዳኸ ምላስ ሥር ይደርሳል፣ እዚያ ቁጭ ብሎ እስከ ማታ አይነሳም። ይህኛው ግን ችኩል ነው። መረረ፣ ለቀቀ፣ የተኘከ እንጨት ጣዕም ጥሎ ሄደ።

አኻያ ነው! ከአኻያ ቅርፊት የሚወጣ ዱቄት። እሱም መድኃኒት ነው እንግዲህ፤ ለራስ ምታት፣ ለቁርጥማት፣ ትኩሳት ትንሽ ለማብረድ። ወባ ላይ ሲሰጡት ግን ዝንብን እፍ እንደማለት ነው፤ ዞራ ትመጣለች።

ምላስ ወለሉ ላይ ተፋ። እህቱ ሌላ ጊዜ ቢሆን ትገድለው ነበር፤ አሁን ፊቱን ብቻ ነው ያየችው።

«ምንድን ነው? ንገረኝ!»

ወረቀቱን መልሶ ጠቀለለው። ከስምንት ቀን በፊት እነዚያ አሥራ ሁለት በርሜሎች ወደ መጋዘኑ ሲገቡ የቀመሰው ማን ነበር? እሱ ነው። ያን ዕለት ጉንፋን አፍኖት፣ አፍንጫው ተደፍኖ፣ ምላሱ የጫማ ሶል ሆኖበት ነበር። ዛሬ አልችልም ማለት ነበረበት። አላለም! ጣዕም የጠፋበት ቀማሽ ምን ይባላል? ይሳቅበታላ። በርሜሉ ላይ የተለጠፈው ወረቀት ከድሮ ጭነት የተረፈ፣ በራሱ እጅ የተጻፈ ስለነበር፣ ላስ አደረገ፣ ተፋ፣ ደረቱን ነፍቶ «ኪኒን!» ብሎ ጠራ። ጸሐፊው ጻፈ፣ ሰሙ ቀለጠ። ከዚያ ወዲህ ከዚህ ክፍል አሥራ አንድ ሰው በቃሬዛ ወጥቷል።

ስሙ ራሱ የእሱ ነበር፤ ይኼ ነው ይበልጥ ያንገፈገፈው። ከሃያ ዓመት በፊት የመጀመሪያው ሣጥን ሲመጣ፣ ላዩ ላይ የተጻፈው የባዕድ ስም እንደ ገመድ የረዘመ ነበር። የብልቃጡ ወረቀት ደግሞ የአውራ ጣት ስፋት የለውም። ምላስ የስሙን ጭራ ቆርጦ ጣለ፣ ከፊቱም ቀነሰ፣ የተረፈውን «ኪኒን» ብሎ ጻፈ። ሰዉ ወደደው። ወታደር በዘፈን ሳይቀር አስገባው። ሚስት አላገባም፣ ልጅ አልወለደም፤ ሲጠይቁት ግን «እኔ ስም ወልጃለሁ» እያለ ይኮራ ነበር። ይኸው የወለደው ስም አድጎ ሰው ይገድል ጀመር።

«በሰዓቱ እመለሳለሁ፣» አላት እህቱን፣ ወጣ።

ዋና ቀማሚው ጠረጴዛው ላይ መሐረብ ዘርግቶ የተቀቀለ እንቁላል ይበላ ነበር። ብርና ወርቅ የሚመዘንበት በሚመስል ትንሽዬ ሚዛን ላይ የእንቁላሉን ቅርፊት ከምሮታል። በቅባት የሾለ ጢሙ ላይ አስኳል ተንጠልጥሏል፤ ሲያኝክ ከፍ፣ ሲያኝክ ዝቅ ይላል። ምላስ ዓይኑን ሊነቅል ቢሞክርም ዓይኑ እየተመለሰ እዚያው አስኳል ላይ አረፈ።

«ጌታዬ፣ በርሜሎቹ ውስጥ ያለው አኻያ ነው።»

«ደርሰህበታል?» አለ ቀማሚው፤ አልደነገጠም፤ ሁለተኛውን እንቁላል መላጥ ጀመረ። «ስምንት ቀን ፈጀብህ። እኔ አንድ ቀን ይበቃዋል ብዬ ነበር።»

«እርስዎ ያውቁ ነበር?»

«መርከቡ ካልመጣ ምን ላድርግ? ‹መጋዘኑ ባዶ ነው› ብዬ ልጻፍ? ማዕረጌን በነጋታው ነበር የሚገፍፉኝ። ደግሞስ ምን ዋሸሁ? አንተ ‹ኪኒን› አልክ፣ እኔ ‹ኪኒን› ብዬ አጻፍኩ።»

«ኪኒን ግን እኮ...»

«ቆይ፣ ቆይ።» ቀማሚው ጣቱን ላሰና ጠረጴዛውን አንኳኳ። «በረኛ! ና ግባ እስቲ።» በረኛው ገባ። ቀማሚው ከመሳቢያው ለሆድ ቃጠሎ የሚሰጥ የጠመኔ እንክብል አውጥቶ መዳፉ ላይ አሳየው። «ይህ ምንድን ነው?»

«ኪኒን ነዋ፣ ጌታዬ።»

ለሆድ ድርቀት የሚሰጠውን ጥቁሩን አወጣ። «ይኼስ?»

«እሱም ኪኒን ነው። የሚያስኬደው!» በረኛው ሳቀ። ተመርቆ እንደ ተሸኘ ሰው ደስ ብሎት ወጣ።

«አየህ?» አለ ቀማሚው፤ ዓይኑን በጨው አጥቧል። «የሚዋጥ ነገር ሁሉ ኪኒን ነው። ሕዝብ ነው ያለው፣ እኔ አይደለሁም። አራት ሰዓት ላይ የጦሩ ዋና ሐኪም፣ ኮሎኔሉ፣ መጥቶ በርሜሎቹን ያሽጋል፤ ቀትር ላይ በጀልባ ወደ ምሽጉ ይወርዳሉ። አንተ እንደ ልማድህ ትቀምሳለህ፣ ትተፋለህ፣ ትጠራለህ። ቃሉ ውሸት የለበትም፤ ያንተው ቃል ነው። ደግሞ አስብ፦ አኻያ ነው ካልክ፣ የዛሬ ስምንት ቀን ምን ሆነህ ነበር ይሉሃል።»

አስኳሉ ወደቀ። መሐረቡ ላይ አርፎ ተለጠፈ። ምላስ እጅ ሳይነሳ ወጣ።

በራሱ ሣጥን ውስጥ፣ ከጨርቅ ሥር፣ አንዲት ቡናማ ብልቃጥ ነበረችው። ከድሮው ጭነት ለማመሳከሪያ ያስቀራት እውነተኛ ኪኒን ናት። ብልቃጧን አንኳኩቶ፣ ፍቆ፣ ፍቆ፣ ያገኘው ለአንድ ሰው አንድ ጊዜ የሚበቃ ብቻ ነው። ቀና ሲል እህቱ በሩ ላይ ቆማለች፤ ተከትላው መጥታለች።

«እውነተኛው እሱ ነው አይደል?» አለች። «ስጠኝ።»

«ስሚኝ እህቴ። ምሽጉ ውስጥ ሦስት መቶ ሰው አለ። ያንን የእንጨት ዱቄት ሊልኩላቸው ነው። ማሳያዬ ይቺ ብቻ ናት።»

«ከዘጠኝ ሰዓት በፊት ደም ውስጥ ካልገባ ምን ይጠቅመኛል? አንተ ራስህ አይደለህ ‹ቀድሞ መዋጥ አለበት› ስትል የኖርከው!»

«ሳሳያቸው አይጠፋም፤ በሎሚ ውኃ ነው የማሟሟው። ካዩት በኋላ ትወስጂዋለሽ።»

«ካልሰጡኝስ?»

ብልቃጧን ኪሱ ከተተና ወጣ። እሷም መደረቢያዋን አጥብቃ አሰረችና ከኋላው ሄደች።

ግቢው ውስጥ ፀሐይዋ ነጭ ሆና ወጥታለች። አሥራ ሁለቱ በርሜሎች ተደርድረዋል፣ ጸሐፊው ብዕሩን ነክሯል፣ ሰሙ በትንሽ ድስት ይንፈቀፈቃል። ሐኪሙ ኮሎኔል ከፈረሱ ወርዶ ጓንቱን እያወለቀ ነበር፤ ቀጭን፣ ፊቱ የማይፈታ ሰው ነው። ቀማሚው ጢሙን አብሶ ከጎኑ ቆሟል፣ የሰገደ ያህል ጎንበስ ብሎ።

«ቀማሹ ይቅመስ፣» አለ ኮሎኔሉ።

ምላስ ቀመሰ። ተፋ። ሁሉም ያንን አንድ ቃል ይጠብቃል።

«ክቡር ኮሎኔል፣ ከመጥራቴ በፊት ሁለት ብርጭቆ ይፈቀድልኝ።»

ቀማሚው ጉሮሮውን ጠረገ። «ደንቡ ስለ ምላስ እንጂ ስለ ብርጭቆ አይናገርም።»

«ይፈቀድለት፣» አለ ኮሎኔሉ።

ሁለቱም ብርጭቆ ላይ የሎሚ ውኃ ነበር። በአንደኛው ከበርሜሉ፣ በሁለተኛው ከብልቃጧ ጨመረ፤ አማሰለ፤ ሁለቱንም አንሥቶ ፀሐይ ላይ ያዛቸው። የበርሜሉ ውኃ ውኃ ሆኖ ቀረ። የብልቃጧ ግን ጠርዙ ላይ ሰማያዊ ብርሃን አበራ፤ የተቃጠለ አልኮል ነበልባል ይመስላል። ጸሐፊው ብዕሩን ይዞ ቀረ። ከወታደሮቹ አንዱ «ኧረ ጉድ!» አለ።

«ኪኒን ፀሐይ ሲያይ ይኼን ያደርጋል፣» አለ ምላስ። «ያኛው አኻያ ነው።»

ቀማሚው ክው አለ፤ ግን ለአንድ አፍታ ብቻ ነው። ወዲያው ጣቱን እህትየው ላይ ቀሰረ። «ክቡር ኮሎኔል፣ ይቺን ሴት ይዩልኝ! እህቱ ናት፤ አጣቢ ናት! ነጭ ልብስ የሚያነጡበት ሰማያዊ ቀለም በእጇ ነው የሚውለው። ቀለም ነው የጨመረበት፣ አታላይ!»

ኮሎኔሉ የእህትየውን እጅ አየ። እውነትም ጥፍሮቿ ሥር ሰማያዊ ነገር ነበር። አገጩን አሸ። «ብርጭቆው ይታሸግ። ወደ ዋናው መምሪያ ተልኮ ይመርመር።»

«ስንት ጊዜ ይፈጃል፣ ጌታዬ?» አለች እህትየው።

«አንድ ወር።»

«አንድ ወር!» አለች። ብርጭቆውን ከወንድሟ እጅ ነጥቃ፣ በመዳፏ ከድና፣ ግቢውን አቋርጣ ሮጠች። ጸሐፊው «ያዟት!» ሲል አንዱ ወታደር ተነሳ፤ እርጥብ መደረቢያዋን ይዞ ቀረ፣ እሷ አመለጠች። በሆስፒታሉ መስኮት ጥሩምባው ሲጎነጭና ሲሳደብ ተሰማ፤ «ኧረ ምን ዓይነት መራራ ነገር ነው፣ እናትሽን!»

«ይኸው!» አለ ቀማሚው፤ ፊቱ እንደ ዱሮው በራ። «ማስረጃው ተጠጣ! ክቡር ኮሎኔል፣ ከእንግዲህ የቀረው የእሱ ቃል ነው። የእሱ ቃል ደግሞ መዝገብ ላይ አለ፤ ከስምንት ቀን በፊት፣ በእነዚሁ በርሜሎች ላይ፣ ‹ኪኒን› ብሏል። ጸሐፊው ያነብልዎታል።»

ጸሐፊው ገልጦ አነበበ። እውነት ነው፤ ተጽፏል።

«እንግዲህ የትኛውን ልመን?» አለ ኮሎኔሉ። «የዛሬውን ምላስህን ወይስ የዚያን ቀኑን?»

ምላስ በዚህ ግቢ ሃያ ሁለት ዓመት አንገቱን ቀና አድርጎ የሄደው በምላሱ ታማኝነት ብቻ ነው። ቀማሚውን አየ፤ ጢሙ ላይ አሁንም ትንሽ ቢጫ ነገር ቀርታለች። ያን ጊዜ ጥላቻው ወደ ሰውየው ብቻ መሄዱን ተወ፤ በሙሉ ዞሮ ወደ ራሱ መጣ። እኔስ ከዚህ ሰውዬ በምን እሻላለሁ? አለ በልቡ። እሱ ማዕረጉን ሸሸገ፣ እኔ ንፍጤን።

«የዚያን ቀን ጉንፋን ይዞኝ ነበር፣ ጌታዬ፣» አለ፤ ግቢው በሙሉ እንዲሰማ፣ ስም በሚጠራበት ድምፁ። «ምንም ጣዕም አይሰማኝም ነበር። ጨውና ስኳር አልለይም ነበር። አፈርኩና ዋሸሁ። ወረቀቱ ላይ ያለውን አንብቤ ነው የጠራሁት። አሥራ አንድ ሰው ሞቷል፤ መዝገቡ ላይ ስሜን ከጎናቸው ይጻፉልኝ። አሁን ግን ጤነኛ ነኝ፤ ቀምሻለሁ፤ አኻያ ነው።»

አንዱ ወታደር ሳቀ፤ ብቻውን ስለሳቀ ኩም አለ። ኮሎኔሉ ራሱ ወደ አንደኛው በርሜል ሄዶ ጣቱን አስነካ፣ ቀመሰ፣ ፊቱን አጨማደደ።

«በራሱ ላይ እንዲህ ያለ ነገር የሚፈጥር ሰው የለም፣» አለ። «ጀልባው ይቁም። ፈረሰኛ ወደ ወደቡ ይሂድና ከባሕር ኃይሉ መጋዘን እውነተኛውን ያምጣ። አንተ፣» አለ ወደ ቀማሚው ዞሮ፣ «ማዕረግህን እዚሁ ፍታ።» ቀማሚው ቁልፉን መፍታት አቃተው፤ ጣቶቹ በእንቁላል ያሟልጫሉ። በመጨረሻ ኮሎኔሉ ወደ ምላስ ተመለሰ። «አንተ ደግሞ በርሜሎቹን እንደገና ጻፋቸው። ከዚያ በኋላ ምላስህ የራስህ ነው፤ ጦሩ አይፈልገውም።»

ጻፋቸው። ያንን የኮራበትን ወረቀት በቢላ እየፋቀ አሥራ ሁለት ጊዜ «የአኻያ ዱቄት፣ ለወባ አይሆንም» ብሎ ለጠፈ። ሲጨርስ ሰባት ሰዓት አለፈ። ስምንት ሆነ። የሆስፒታሉ ደረጃ ላይ ተቀመጠ፤ የቀመሰው ሁሉ ሆዱ ውስጥ እየተንተከተከ፣ ቃር እያቃጠለው። ዘጠኝ ሰዓት ተደወለ። ጆሮውን ወደ መስኮቱ አስጠጋ። የጥሩምባውን ጥርስ መንገጫገጭ፣ የጭዱን መንኮሻኮሽ ጠበቀ።

ዘጠኝ ተኩል። ምንም የለም። አንድ ሰው ብቻ ያንኮራፋል፤ ማንኮራፋቱም የጥሩምባ ነፊ ነው፣ ሌላ ሰው እንዲህ አድርጎ አያንኮራፋም።

እህቱ ወጣች። ዓይኗ አብጧል፤ ግን እየሳቀች ነው። ሙልጭ ብሎ የተላጠ እጇን ትከሻው ላይ ጣለች። «አልመጣበትም! ትንሽ ብርድ ብርድ አለውና ተኛ። ከወደቡ የሚመጣው ማታ ይደርሳል ብለዋል።» ከዚያ ፊቱን አየችው። «ምነው አንተ፣ አረንጓዴ ሆነሃል?»

«ሆዴ ነው። አቃጠለኝ።»

«ቆይ።» ቀሚሷ ኪስ ውስጥ እጇን ከትታ የጠመኔ እንክብል አወጣች፤ ክብ፣ ነጭ፣ በሳሙና ውኃ ትንሽ የራሰ። መዳፉ ላይ አስቀመጠችለት።

«እንካ፣ ኪኒን። ዋጣት።»

ምላስ እንክብሏን አየ። እህቱን አየ። «ኪኒን አይደለም» የሚለው ቃል ምላሱ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር፤ አሥራ ሁለት ጊዜ ጽፎታል፣ ግቢ ሙሉ ሰው ፊት ጮኾ ብሎታል።

«ዋጣት እንጂ! ምን ታያታለህ? ኪኒን አታውቅም?»

ሳይቀምሳት ዋጣት።